በደጋንና በቀስት የባሕር ዓሣ ማደን፦ ከቴክሳስ ዳርቻ ዝርዝር መመሪያ

የምኖረው ሂዩስተን ነው። ከጋልቬስተን ውሃ ዳር ለመድረስ በመኪና አንድ ሰዓት ገደማ ነው የሚፈጅብኝ። በመንጠቆ የሚያጠምዱ የአገሬ ልጆች ብዙ አውቃለሁ፤ በደጋን የሚያድን ግን ጥቂት ነው። «እስቲ አሳየን፣ እንዴት ነው የሚጀመረው?» የሚሉኝ ሰዎች እየበዙ ስለመጡ ለእያንዳንዱ በስልክ ከምነግር አንዴ ቁጭ ብዬ ልጻፈው አልኩ።

ከዕቃም ከጀልባም በፊት አንድ ነገር እንግባባ። በመንጠቆ የያዛችሁት ዓሣ ትንሽ ከሆነ ወይም የተከለከለ ዝርያ ከሆነ ነቅላችሁ ትለቁታላችሁ፣ ዋኝቶ ይሄዳል። በቀስት የተወጋ ዓሣ ግን አለቀለት። ስለዚህ የደጋኑን ጅማት ከመልቀቃችሁ በፊት ምን ዓሣ እንደሆነና ስንት እንደሚረዝም ማወቅ አለባችሁ። እርግጠኛ ካልሆናችሁ አትልቀቁ። ከዚህ በታች የምጽፈው ሁሉ በዚህ ላይ የቆመ ነው።

የትኛው ዓሣ ነው በቀስት የሚታደነው?

ብዙ ሰው የባሕር ዓሣ በቀስት ሲባል መሀል ውቅያኖስ ላይ ቱናና ሻርክ መውጋት ይመስለዋል። እንደዚያ አይደለም። ቀስት ውሃ ውስጥ ሲገባ ጉልበቱን ወዲያው ነው የሚያጣው። ከአንድ ሜትር በላይ ጠልቆ ላለ ዓሣ ባትሞክሩ ይሻላል፤ ቢደርስ እንኳ በደንብ አይገባም፣ ዓሣው ቆስሎ ያመልጣል፣ ከዚያም የትም ሄዶ ይሞታል። በዚያ ላይ በቴክሳስ ሕግ ሻርክ፣ ማርሊን፣ ታርፖን፣ ስኑክ፣ ሬድ ድራም እና ነጠብጣቡ ትራውት «ጌም ፊሽ» ስለሚባሉ በአብዛኛው በዘንግና በክር ነው የሚያዙት። በቀስት መውጋት ወንጀል ነው።

የሚፈቀዱት ብላክ ድራም፣ ሺፕስሄድ፣ ፍላውንደር፣ ሙሌት፣ ስቲንግሬይ፣ «ጋር» (gar) የሚባለው ዓሣ እና የመሳሰሉት ናቸው። እነዚህ ደግሞ ጉልበት ወይም ወገብ በሚደርስ ውሃ ውስጥ ስለሚመላለሱ ለቀስት የተመቹ ናቸው። ከጋልቬስተን ቤይ እስከ ሮክፖርት፣ ከዚያም ወደ ደቡብ እስከ ላጉና ማድሬ ድረስ እንዲህ ያለ ውሃ ሞልቷል። ላጉና ማድሬ በተለይ ሰፊ ነው፣ አብዛኛው ቦታ ከአንድ ሜትር ብዙም አይዘልም፣ ከታች ሣርና አሸዋ ነው።

ትልቁ ፈተና ብላክ ድራምን ከሬድ ድራም መለየት ነው። ሁለቱ ዘመዳሞች ናቸው፣ ቅርጻቸውም ይመሳሰላል። አንዱ ይፈቀዳል፣ ሌላው ክልክል ነው። ሬድ ድራም ቀለሙ መዳብ ይመስላል፣ ጅራቱ ሥር ደግሞ አንድ ጥቁር ነጥብ አለው፤ አንዳንዴ ሁለትና ከዚያም በላይ ይሆናል። ብላክ ድራም አገጩ ሥር ጢም የሚመስሉ ብዙ ትንንሽ ክሮች አሉት፣ ጀርባው ጎበጥ ያለ ነው፣ ወጣቱ ጎኑ ላይ አራት ወይም አምስት ጥቁር ሸንተረሮች አሉት። ሲያረጅ ሸንተረሮቹ ይጠፋሉ። ጢሙን ከላይ ሆናችሁ አታዩትም፣ ስለዚህ ጀርባውን፣ ቀለሙንና ጅራቱን ነው የምትመለከቱት። ሺፕስሄድም ባለ ሸንተረር ነው፤ እሱ ግን ሰውነቱ ጠበብና ከፍ ያለ ነው፣ ጢም የለውም፣ አፉን ስትከፍቱት የሰው ጥርስ የሚመስል ጥርስ ታያላችሁ።

እኔ የመጀመሪያዎቹን ሦስት ምሽቶች ደጋን ሳልይዝ ነው የወጣሁት። ጀልባ ላይ ቆሜ «ይሄ ምንድን ነው? ያኛውስ?» እያልኩ ልምድ ያለውን ሰው ስጠይቅ ነበር ያነጋሁት። ለእናንተም የምመክረው ይህንኑ ነው። ከመተኮስ በፊት ማየት ይለመድ።

ፈቃድና ልክ

ዕድሜያችሁ 17 እና ከዚያ በላይ ከሆነ የቴክሳስ የዓሣ ማጥመጃ ፈቃድ ያስፈልጋችኋል፣ ከሱ ላይ ደግሞ የጨው ውሃ ተጨማሪ ፈቃድ። የፈቃዱ ዓመት የሚጀምረው ሴፕቴምበር 1 ነው፤ ከእንቁጣጣሽ አሥር ቀን ቀደም ብሎ ስለሆነ ለማስታወስ ቀላል ነው። ደንቡም ብዙ ጊዜ የሚለወጠው ያኔ ስለሆነ ፈቃዱን ስታድሱ ልኩንም አብራችሁ ከቴክሳስ ፓርኮችና የዱር እንስሳት መሥሪያ ቤት (Texas Parks and Wildlife) ድረ ገጽ ላይ እዩ።

እኔ የማውቀው ልክ ይህ ነው። ብላክ ድራም በቀን አምስት፣ ርዝመቱ ከ14 እስከ 30 ኢንች፤ ከ52 ኢንች የሚበልጥ አንድ መያዝ ይፈቀዳል። ሺፕስሄድ በቀን አምስት፣ ቢያንስ 15 ኢንች። ፍላውንደርም አምስትና 15 ኢንች ነው፣ ግን ከኖቬምበር 1 እስከ ዲሴምበር 14 ዝግ ነው። ልብ በሉ፣ 31 ኢንች የሆነ ብላክ ድራም ክልክል ነው። በመንጠቆ ቢሆን ለክታችሁ ትመልሱታላችሁ። በቀስት ግን በዓይን ነው የምትለኩት፣ ውሃ ደግሞ ነገሩን አጉልቶ ያሳያል። የኔ ዘዴ ቀላል ነው፦ 20 ኢንች አካባቢ የሚመስለኝን ብቻ ነው የምተኩሰው። ወደ 14ም ሆነ ወደ 30 የተጠጋውን እተወዋለሁ። ቤት ውስጥ 14፣ 20 እና 30 ኢንች የሆኑ ካርቶኖች በዓሣ ቅርጽ ቆርጣችሁ ሳር ላይ ዘርግታችሁ ከአራት ሜትር ብታዩዋቸው ዓይናችሁ ቶሎ ይሠለጥናል።

ዕቃው

ደጋን ስል የሚጎበጠውን ነው፣ ቀስት ስል የሚወረወረውን። ለመጀመሪያ ውድ ዕቃ አያስፈልግም። ከ30 እስከ 50 ፓውንድ የሚጎትት ደጋን በቂ ነው። ባለ ተሽከርካሪው ኮምፓውንድ ደጋን ለዱር አደን ሲሠራ እስከ መጨረሻ ስትጎትቱት እንዲቀላችሁ ተደርጎ ነው፤ ዓሣ ላይ ግን እስከ መጨረሻ ጎትቶ ለማነጣጠር ጊዜ የለም፣ አንዳንዴ ግማሽ ድረስ ስባችሁ ትለቃላችሁ። ስለዚህ ተሽከርካሪ የሌለው ተራው ሪከርቭ ደጋን ወይም ለዓሣ ተብሎ የተሠራ ኮምፓውንድ ይሻላል። ማነጣጠሪያ አትግጠሙበት፣ በደመ ነፍስ ነው የሚተኮሰው።

የዓሣ ቀስት ከዱር ቀስት ይለያል። ድፍን ፋይበርግላስ ነው፣ ከባድ ነው፣ ላባ የለውም። ጫፉ ላይ ወደ ኋላ የሚዘረጉ እሾሆች አሉት፤ አንዴ ከገባ እንዳይወጣ ይይዛሉ። ስትገዙ ጫፉን በማዞር እሾሁ የሚገለበጠውን ምረጡ፣ አለዚያ ዓሣውን ከቀስቱ ለማላቀቅ ሥጋውን ትበጣጥሱታላችሁ።

ቀስቱ የሚተኮሰው ክር ታስሮበት ነው፤ ደጋኑ ላይ የሚገጠመው የክር መጠቅለያ ሦስት ዓይነት ነው። በእጅ የሚጠቀለለው ርካሽ ነው፣ አይበላሽም፣ ግን ዝግ ይላል። ስፒንካስት የሚባለው ፈጣን ነው፣ ነገር ግን ከመተኮሳችሁ በፊት ቁልፉን መጫን ከረሳችሁ ክሩ አይለቅም። ይህ ቀልድ አይደለም። ጠርሙስ የሚመስለው ቦትል ሪል ውስጥ ክሩ ልቅ ሆኖ ስለሚቀመጥ ያ ችግር የለበትም። ለጀማሪ እሱን እመርጣለሁ። ክሩ 200 ፓውንድ የሚችል ጥምዝ ክር ይሁን።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ፤ እዚህ ላይ ቀስ ብላችሁ አንብቡ። በዚህ ሥራ ሰው የሚገድለው ተመልሶ የሚመጣ ቀስት ነው። ክሩ ደጋኑ ላይ፣ ቁልፍ ላይ ወይም ሰዓት ላይ ተጠላልፎ ሳለ ከተኮሳችሁ፣ ቀስቱ ጥቂት ሜትር ሄዶ ክሩ ሲወጠርበት እንደ ላስቲክ ይመለሳል፣ የሚመለሰውም ወደ ፊታችሁ ነው። በተለይ ክሩ ቀስቱ ቂጥ ላይ ከታሰረ። ለዚህ ነው ሴፍቲ ስላይድ የምትባለው ትንሽ ቀለበት የተሠራችው። ክሩ የሚታሰረው ቀለበቷ ላይ ነው፤ ደጋኑን ስትስቡ ቀለበቷ ከደጋኑ ፊት ለፊት፣ ከእጃችሁ ውጪ ትቆያለች፣ ቀስቱ ሲወጣ ብቻ ወደ ኋላ ትንሸራተታለች። በዚህ ምክንያት ክሩ ከጅማቱ ጋር የመጠላለፍ ዕድሉ በጣም ይቀንሳል። ያገለገለ ቀስት ከሰው ከገዛችሁ መጀመሪያ ይህችን ቀለበት ፈልጉ። ከሌለች ገዝታችሁ ግጠሙ፤ ዋጋዋ ጥቂት ዶላር ነው። የእጅ ሰዓትና አምባር አውልቁ፣ ሰፊ እጅጌ ያለው ልብስ አትልበሱ፣ ከእያንዳንዱ ተኩስ በፊት ክሩን ከመጠቅለያው እስከ ቀስቱ በዓይናችሁ ተከተሉት።

ፖላራይዝድ የሆነ የፀሐይ መነጽርም ግድ ነው። የውሃውን ነጸብራቅ ካላጠፋላችሁ ቀን ላይ ዓሣውን አታዩትም። ወደ ቡናማ የሚያደላው መስታወት ጥልቀት ለሌለው ውሃ ይስማማል።

ዝቅ አድርጋችሁ አነጣጥሩ

ማንኪያ ብርጭቆ ውሃ ውስጥ ስታቆሙ የተሰበረ ይመስላል አይደል? ዓሣውም እንደዚያው ነው። ብርሃኑ ከውሃ ሲወጣ ስለሚታጠፍ ዓሣው ካለበት ቦታ ከፍ ብሎ ይታያችኋል። የምታዩትን ከተኮሳችሁ ቀስቱ በላዩ ያልፋል። ጀማሪ የሚስተው በዚህ ነው፣ ሁልጊዜ ከላይ ነው የሚስተው።

አዳኞች የሚጠቀሙበት ልክ አለ። ዓሣው ከእናንተ ሦስት ሜትር ርቆ፣ ከውሃው ወለል 30 ሳንቲ ሜትር ዝቅ ብሎ ካለ፣ 10 ሳንቲ ሜትር ዝቅ አድርጋችሁ አነጣጥሩ። ርቀቱ እጥፍ ከሆነ 20 ሳንቲ ሜትር። ጥልቀቱ እጥፍ ከሆነም 20። ሁለቱም እጥፍ ከሆኑ 40 ይሆናል፤ እሱን ግን አትሞክሩት፣ ጠጋ በሉ። ዓሣው በቀጥታ እግራችሁ ሥር ካለ ምንም ማስተካከል አያስፈልግም። ከፍ ካለ ቦታ፣ ለምሳሌ ከጀልባ መድረክ ላይ ቆሞ መተኮስ የሚመረጠውም ለዚህ ነው፤ ወደ ታች ባያችሁ ቁጥር መታጠፉ ይቀንሳል።

ይህ ቁጥር በወረቀት ላይ ቀላል ነው፣ እጅ ውስጥ እንዲገባ ግን መደጋገም ይፈልጋል። የፕላስቲክ ጠርሙስ ውሃ ሞልታችሁ አሸዋማ ቦታ ላይ አስምጡና ከተለያየ ርቀት ተኩሱ። ስትጨርሱ ጠርሙሶቹን ሰብስባችሁ ውሰዱ። እኔ ከመቶ በላይ ቀስት ጠርሙስ ላይ ከተኮስኩ በኋላ ነው ዓሣ ላይ የሞከርኩት፣ ያም ሆኖ የመጀመሪያውን ዓሣ ስቻለሁ።

አንድ ሌላ አደጋ፦ ቀስቱ ውሃውን በጣም በተኛ አንግል ከመታው ድንጋይ ውሃ ላይ እንደሚነጥረው ይነጥራል። ሩቅ ያለ ዓሣ ላይ አትተኩሱ የምለው አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ከፊት ለፊት ጀልባ፣ ሰው ወይም ቤት ካለ ደጋኑን አውርዱ።

መውጣት

ቀን ላይ የሚያስቸግረው ነፋስ ነው፣ ውሃውን ያደፈርሰዋል። ሌሊት ብዙ ጊዜ ይረጋጋል፣ ስለዚህ አብዛኛው አዳኝ የሚወጣው ማታ ነው። ጠፍጣፋ ጀልባ፣ ከፊቱ መድረክ፣ ዙሪያውን ኤልኢዲ መብራት፣ ድምፅ የማያሰማ የኤሌክትሪክ ሞተር። ውሃው ጥርት ካለ ነጭ ብርሃን፣ ደፍረስ ካለ ወደ ቢጫ የሚያደላ። ጀልባ ከሌላችሁ አስጎብኚ መከራየት ትችላላችሁ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ እንዲያውም እሱ ይሻላል፣ ከዕቃ በላይ ዓይን የሚያሠለጥን ሰው ነው የሚያስፈልጋችሁ።

ውሃው ከባሕሩ እየሞላ ወደ ጥልቀት የለሹ ቦታ ሲገባ ዓሣው አብሮ ይመጣል። ብላክ ድራም አፉን ወደ ታች ደፍቶ ሸርጣንና የባሕር ዛጎል እየቆፈረ ሲበላ ጅራቱ ከውሃ በላይ ብቅ ይላል፣ ውሃውም እንደ ጭስ ይደፈርሳል። ያንን ስታዩ ቀስ ብላችሁ ቅረቡ። ሺፕስሄድ ደግሞ ከድንጋይና ከድልድይ እግር አይርቅም። በቅዝቃዜው ወራት ውሃው ይጠራል፣ ለማየት ደስ ይላል።

በእግር ውሃ ውስጥ የምትገቡ ከሆነ እግራችሁን አታንሡ፣ አሸዋው ላይ እየጎተታችሁ ሂዱ። ስቲንግሬይ አሸዋ ለብሶ ይተኛል፤ ከረገጣችሁት በጅራቱ መርዛም እሾህ ይወጋል፣ ስትጎትቱ ግን ቀድሞ ሰምቶ ይሸሻል። ከተወጋችሁ ቁስሉን የማያቃጥል ግን የቻላችሁትን ያህል ሙቅ ውሃ ውስጥ ከ30 እስከ 90 ደቂቃ ንከሩት፣ ሕመሙን ያስታግሳል፤ ከዚያ ሐኪም ጋ ሂዱ። ደረት ወይም ሆድ ላይ ከሆነ እሾሁን ሳትነቅሉ ቀጥታ አምቡላንስ ጥሩ። በሙቀቱ ወራት ደግሞ የባሕረ ሰላጤው ሙቅ ውሃ ውስጥ ቪብሪዮ የሚባል ባክቴሪያ አለ፣ በቁስል ይገባል። የጉበት ሕመም ወይም ስኳር ያለበት ሰው ቁስል ይዞ ባይገባ ይሻለዋል። የዓሣ ክንፍ ከወጋችሁ ወዲያው በሳሙና ታጠቡ።

ተኩሱና ማውጣቱ

ዓሣውን አያችሁ። ዝርያውን ለያችሁ። መጠኑን ገመታችሁ። ከጀርባው ያለውን አያችሁ። ክሩን አያችሁ። ከዚያ ነው የምትስቡት። ከራሱ በስተኋላ፣ የጎን ክንፉ መነሻ ላይ አነጣጥሩ፤ ቶሎ ይሞታል፣ ሥጋውም አይበላሽም። ሳባችሁ ከተጠራጠራችሁ ቀስ አድርጋችሁ መልሱ፣ ማንም አይታዘባችሁም።

ሲመታ ክሩን በእጅ ጎትቱ፣ ግን በፍጹም እጃችሁ ላይ አትጠምጥሙ። ጓንት አድርጉ። ዓሣውን ቀስቱን ብቻ ይዛችሁ አታንሡት፣ ሥጋው ይቀደድና ያመልጣል፤ ጀልባው አጠገብ ሲደርስ መረብ ወይም ሜንጦ ተጠቀሙ።

በጣም ትልቅ ሲሆን

አሊጌተር ጋር የሚባለው ከወንዝ ወደ ጨዋማው የባሕር ወሽመጥ የሚገባ፣ ከሁለት ሜትር በላይ የሚረዝም ዓሣ ነው። ቅርፊቱ እንደ ድንጋይ ስለሆነ የጥንት የአገሩ ሰዎች የቀስት ጫፍ ይሠሩበት ነበር። ትልልቅ ስቲንግሬይም እንዲሁ ጉልበተኛ ነው። እነዚህን በተራው ክር አትችሏቸውም። ክሩ 400 ፓውንድና ከዚያ በላይ ይሆናል፣ ጫፉ ከቀስቱ እንዲላቀቅ ሆኖ በብረት ገመድ ይያያዛል፣ የክሩ መጨረሻ ደግሞ ከደጋኑ ጋር ሳይሆን ከተንሳፋፊ ኳስ ጋር ይታሰራል። ዓሣው ኳሱን እየጎተተ ይሄዳል፣ እናንተ በጀልባ ትከተላላችሁ፣ ሲደክም ሁለተኛ ቀስት ትጨምራላችሁ።

እንደሚደረግ ነገርኳችሁ፤ እኔ ግን አሁን ትልልቆቹን አሊጌተር ጋሮች አልተኩስም። ሴቷ ለመጀመሪያ ጊዜ እንቁላል ለመጣል አሥር ዓመት ገደማ ይፈጅባታል፣ ከሃምሳ ዓመት በላይ የሚኖሩ አሉ። ልተኩስ ካላችሁ በቀን አንድ ብቻ ነው፣ በ24 ሰዓት ውስጥም ለመሥሪያ ቤቱ ማሳወቅ አለባችሁ። እንቁላሉ ለሰው መርዝ ስለሆነ በፍጹም እንዳትቀምሱት። ካውኖዝ ሬይ የሚባለውንም ተዉት፤ በመንጋ ስለሚሄድ ቀላል ዒላማ ነው፣ ግን በዓመት አንድ ልጅ ብቻ ነው የሚወልደው። ሜሪላንድ ውስጥ እነዚህን በውድድር እየወጉ መጣል ሰውን አስቆጥቶ እ.ኤ.አ. በ2017 ውድድሩን የሚያግድ ሕግ ወጥቷል። ልክ ነው እላለሁ። የማትበሉትን አትውጉ።

ከጀልባ ወደ ድስት

እንደወጣ ስንጥቡን፣ ማለትም መተንፈሻውን፣ ቆርጣችሁ ደሙን አፍስሱ፣ ከዚያ በረዶና የባሕር ውሃ የተቀላቀለበት ሳጥን ውስጥ ክተቱት። የቴክሳስ ሙቀት ሰዓት አይሰጥም። ቀስት የገባበትን ደም የቋጠረ ሥጋ ቆርጣችሁ ጣሉ።

ለጾም ወይም በሃይማኖት ለሚጠነቀቅ ሰው፦ ብላክ ድራምም ሺፕስሄድም ክንፍና ቅርፊት አላቸው። ስቲንግሬይ ቅርፊት የለውም። ጥርጣሬ ካላችሁ የንስሐ አባታችሁን ጠይቁ።

ትልቅ ብላክ ድራም ሥጋው ሻካራ ነው፣ ውስጡም ነጭ ክር የሚመስል ትል ሊገኝበት ይችላል፤ ከበሰለ ሰው አይጎዳም፣ ግን ትንሹ ይጣፍጣል። ሺፕስሄድ የጎድን አጥንቱ ወፍራም፣ የጀርባ እሾሁ ስለታም ስለሆነ ለመገፈፍ ያስቸግራል፤ ከወገቡ በላይ በጠንካራ ቢላዋ ቀስ እያላችሁ አጥንቱን ተከትላችሁ ሂዱ። ሸርጣን እየበላ ስለሚያድግ ሥጋው ጣፋጭ ነው። እኛ ቤት ግማሹ በዱቄትና በአዋዜ ይጠበሳል፣ ግማሹ በቃሪያና በሽንኩርት ደቅቆ ዱለት ይሆናል። ጭንቅላቱንና አጥንቱን አትጣሉ፣ ለዓሣ ሾርባ ከሱ የሚበልጥ የለም።